ሌባዋ ለምን ትበልጣለች?

በልዕለ ጀግኖች የሥዕል መጻሕፍት ዓለምን ላጥፋ ብሎ ከሚነሳ ጭራቅ ይልቅ አንዲት የጌጣጌጥ ሌባ ትበልጣለች ብዬ አምናለሁ። ዓለም ሊያጠፋ የሚሻን ማንም አንባቢ አያውቅም፤ የሰው ሀብት ያማረውን ግን ሁሉም ያውቃል። ሌባዋ ካትዉማን እ.ኤ.አ. በ1940 በመጀመሪያው የባትማን መጽሔት ስትታይ አሮጊት መስላ የአንገት ሐብል ሰረቀች። ባትማን ያዛት፤ ስታመልጥ ግን ሊከተላት የተነሳውን ረዳቱን ሮቢንን ራሱ አሰናከለው። ጀግናው የተፈተነው በጡንቻው ሳይሆን በልቡ ነበር።

ሌባን አሳምሮ መሳል ልጆችን ያበላሻል የሚሉ አሉ፤ ሥጋታቸው የሚናቅ አይደለም። በ1954 የአሜሪካ አሳታሚዎች ለወንጀለኛ ርኅራኄ የሚያሳድር አቀራረብን ባወጡት ደንብ ከለከሉ፤ ካትዉማንም እስከ 1966 ከመጽሔቶቹ ጠፋች። ትርፉ ምን ሆነ? በ1959 የመጣው፣ በኋላ ሚስተር ፍሪዝ የተባለው ገጸ ባሕርይ፣ የበረዶ መሣሪያ ይዞ አልማዝ ከመዝረፍ ያለፈ ምክንያት አልነበረውም። በ1992 የቴሌቪዥን ካርቱን ደራሲው ፖል ዲኒ የታመመች ሚስት ሰጠው፤ ያኔ ሐዘኑ ገባን። ሆኖም ሐዘኑ ነጻ አላወጣውም፤ ባትማን አስቆመው፣ ታሰረም። ልጅ የበዳይን ሕመም እያየ በደሉን በደል ማለት ይችላል፤ ደንብ አውጪዎቹ ያላመኑት ይህንን ችሎታውን ነው።