“ኮንትራት ነው እኮ!” የሕግ ማምለጫ አይደለም

“ኮንትራት ነው እኮ!” ይህች ቃል በየመንግሥት መሥሪያ ቤቱ የጥያቄ ሁሉ መዝጊያ ሆናለች። ቅጥሩ ቋሚ ሲሆን ማስታወቂያ፣ ፈተና፣ ውጤት ይባላል። ኮንትራት ሲሆን ግን ሹሙ የጓዳውን ሞግዚት የሚቀጥር ይመስለዋል። ለመሆኑ ደመወዙ የሚከፈለው ከማን ኪስ ነው? ከሹሙ ቦርሳ ወይስ ከሕዝብ ካዝና?

የእንጦጦን ግርጌ ይዛችሁ፣ ከፈረንሳይ ለጋሲዮን እስከ ኮተቤ፣ የየካን ሥራ ፈላጊ ጠይቁት። መሥሪያ ቤቱን ሳይሆን ታሪኩን ነው የምጽፈው፤ ከብዙዎች የሰማሁት አንድ ዓይነት ነውና። ዲግሪውን ኮፒ ያስደርጋል፤ በታክሲ ተመላልሶ ይመዘገባል። ለፈተና ከተጠሩት ጋር ስሙ ይለጠፋል። ይፈተናል፤ ኢንተርቪው ይገባል። ከዚያ ዝም! “እንደውልልሃለን” እንደተባለ ወር ያልፋል። ሄዶ ሲያይ ወንበሩ ላይ ሰው ተቀምጧል። “ውጤቴ ስንት ነበር?” ቢል “ገና ሠራተኛ አይደለህ፣ ምን አገባህ?” ይባላል።

እርግጥ ነው፣ ለፈተና የተጠራ ሁሉ “ካልተቀጠርኩ” ሊል አይችልም። የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ1991 እ.ኤ.አ. ይህንኑ ወስኗል፤ በምርጫ ዝርዝር ውስጥ መግባት ብቻውን የመቀጠር መብት አይሰጥም ብሏል። ግን እዚያ ላይ አላቆመም። መንግሥትም እንዳሻው ማድረግ አይችልም፤ ክፍቱን ቦታ የሚተወው በበቂ ምክንያት፣ የሚቀጥረውም የብቃት ቅደም ተከተሉን ጠብቆ ነው ብሏል።

የእኛስ ሕግ? የ1987ቱ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 12 የመንግሥት አሠራር ለሕዝብ ግልጽ ይሁን ይላል፤ በአንቀጽ 25 ሰዎች ሁሉ በሕግ ፊት እኩል ናቸው ይላል። ቋሚና ኮንትራት ብሎ አልለየም። የ1999ኙ አዋጅ ቁጥር 515ም ክፍት የሥራ መደብ የሚያዘው መመዘኛውን በሚያሟላና ከተወዳዳሪዎቹ ብልጫ ባገኘ ሰው ብቻ ነው ብሎ ነበር። ብልጫ ያገኘው ማን እንደሆነ የሚታወቀው ውጤት ሲለጠፍ አይደለም እንዴ?

ችግሩ አቤት የሚባልበት በር ጠባብ መሆኑ ነው። የአስተዳደር ፍርድ ቤት በዋናነት የተቋቋመው ለተቀጠረ ሠራተኛ ክርክር ነው። እጩው ከደጅ ቀርቷል። እንባ ጠባቂ ተቋም አቤቱታ ይቀበላል፤ መርምሮ የሚሰጠው ግን የመፍትሔ ሐሳብ እንጂ ፍርድ አይደለም። ቢሆንም እጅ አጣጥፎ መቀመጥ አይገባም። በ2000 ዓ.ም የወጣው አዋጅ ቁጥር 590 መረጃ ለጠየቀ ሰው በ30 ቀን ውስጥ መልስ ይሰጠው ብሏል። ስለዚህ ወንድሜ፣ እህቴ፣ በቃል አትጠይቁ፤ ጻፉ። ማመልከቻውን መዝገብ ቤት አስገቡ፤ ቁጥርና ቀን ያለበትን ቅጂ ያዙ። የቃል ጥያቄ ነፋስ ይወስደዋል፤ ወረቀት ግን ምስክር ነው።

ከመንግሥት የምንጠይቀው ብዙ አይደለም። የተፈታኙ ሁሉ ነጥብ ይለጠፍ፤ የወደቀው ለምን እንደወደቀ በጽሑፍ ይነገረው፤ ቅሬታው ሳይታይ ማንም ወንበሩ ላይ አይቀመጥ። ይህ ሥራ ስጡን ማለት አይደለም፤ አታታሉን ማለት ነው። ነጥብ መለጠፍ በጀት አይጠይቅም፤ አንድ ወረቀትና አራት መርፌ ይበቃዋል። ያንን የሚፈራ ሹም ምን ደብቆ ይሆን?