ለኮታ የተሠራ ግድያ

«ቶሎ ቶሎ ቤት፣ ግድግዳው ሰንበሌጥ» የሚለው ተረት ለ1930ዎቹ የእንግሊዝ ሲኒማ የተነገረ ይመስላል (ዓመታቱ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። በጥቂት ገንዘብ በጥድፊያ የሚሠሩትን የዚያን ዘመን ፊልሞች እንግሊዞች ራሳቸው «ኮታ ክዊኪ» እያሉ ያላግጡባቸው ነበር።

ነገሩ የጀመረው በበጎ ሐሳብ ነው። በ1920ዎቹ አጋማሽ በእንግሊዝ ሲኒማ ቤቶች ከሚታዩት ፊልሞች የአገር ውስጦቹ ከመቶ 5 ያህሉ ብቻ ነበሩ፤ የቀረው በአብዛኛው የሆሊውድ ነው። ፓርላማው በ1927 ሕግ አወጣ። አከፋፋዮችም ሲኒማ ቤቶችም የተወሰነ ድርሻ የእንግሊዝ ፊልም እንዲያቀርቡ ተገደዱ። ድርሻው በየጊዜው እያደገ 20 በመቶ እንዲደርስ ታሰበ።

ሕጉ ግን የፊልሙን ርዝመት እንጂ ጥራቱን አልለካም። የአሜሪካ አከፋፋዮች ቀዳዳውን ወዲያው አገኙት። ለአንድ ጫማ ርዝመት ፊልም አንድ ፓውንድ ያህል እየከፈሉ ግዴታቸውን ተወጡ። ባለድምፅ ፊልም በደቂቃ 90 ጫማ ይሄዳል፤ የ45 ደቂቃ ፊልም እንግዲህ 4,000 ፓውንድ ገደማ ነው። አንዳንዶቹ በጠዋት፣ የጽዳት ሠራተኞች ብቻ ባሉበት አዳራሽ ይታዩ እንደነበር ይተረካል።

ለዚህ ዓይነቱ ሥራ የግድያ ምስጢር ተመራጭ ነበር። አንድ ቤት፣ ጥቂት ተዋንያን፣ አንድ ሬሳ ይበቃዋል። የቀረውን ወሬው ይሞላዋል፤ ሲኒማ ደግሞ አፍ ካወጣ ገና ጥቂት ዓመቱ ነው።

ማይክል ፓውል የሠራውና በ1932 ለእይታ የበቃው «ራይኖክስ» የዚህ ዘመን ልጅ ነው። ርዝመቱ 48 ደቂቃ ገደማ ነው። ገንዘብ የቸገረው የአንድ ድርጅት ባለቤት ማርሽ ከሚባል ቁጡ ሰው ዛቻ ይደርሰዋል፤ ቆይቶ ሞቶ ይገኛል። ገዳይ ግን የለም። ማርሽ ራሱ ሟቹ ነበር፤ ድርጅቱን በኢንሹራንስ ገንዘብ ለማዳን የገዛ ሞቱን ግድያ አስመስሎታል። በወረቀት ላይ ሁሉም ነገር የተሟላ ነው፣ እውነቱ ግን ሌላ ነው። የኮታውም ነገር እንዲሁ ነበር።

እነዚህን ፊልሞች በጅምላ «ቆሻሻ» ማለት ግን ስህተት ነው። ፓውል ከ1931 እስከ 1936 ከ20 በላይ ፊልሞች ሠርቷል። በ1948 «ዘ ሬድ ሹስ»ን ካበረከቱት ሁለት ሰዎች አንዱ እሱ ነው። ሙያውን የተማረው ጊዜና ገንዘብ በሌለበት፣ ስህተት ለማረም ፋታ በማይሰጥ ሥራ ላይ ነው። ሕጉ ሳያስበው ትምህርት ቤት ከፈተ።

ይህ ለሕጉ ማመካኛ አይሆንም። ብዛትን ብቻ የሚቆጥር ሕግ ብዛትን ብቻ ያገኛል፤ ፓርላማውም ይህን ተረድቶ በ1938 ዝቅተኛ የወጪ መጠን ደነገገ። የሚቆጨው ሌላ ነው። ርካሽ ነው የተባለ ነገር ጠባቂ የለውም። «ራይኖክስ» ጠፋ ተብሎ ከኖረ በኋላ ተገኝቷል፤ ፓውል ለፎክስ ኩባንያ የሠራው የመጀመሪያ ፊልሙ ግን እስከ ዛሬ የለም። ሰንበሌጡን ቤት መናቅ ቀላል ነው፤ ግንበኛው እጁን ያፍታታው ግን እዚያ ነበር።