ብርድ የሸሸጋት ፀሐይ

አንዳንድ ወጣቶች ለትምህርት ወይም ለሥራ በረዶ ወደሚወርድበት አገር ሲሄዱ ካፖርትና ጓንት ለመግዛት ይጣደፋሉ፤ ጥቁር መነጽር ያደረገውን ጓደኛቸውን ግን «በዚህ ብርድ መነጽር ለጌጥ ካልሆነ ለምን ይጠቅማል?» እያሉ ይሥቁበታል። በእኔ አስተያየት ይህ ሣቅ ነገሩን ካለመመርመር የመጣ ነው።

ፀሐይ የምትጐዳን በሙቀቷ ብቻ አይደለም። ዓይን የማያየው፥ ገላም የማይሰማው አልትራቫዮሌት የሚባል ጨረር አላት። ሣርና አፈር ከዚህ ጨረር ጥቂቱን ብቻ ሲመልሱ፥ አዲስ የወረደ በረዶ እስከ 80 በመቶ የሚሆነውን ወደ ላይ ይመልሰዋል። ወደ ተራራ ሲወጡም በየ1000 ሜትሩ ጨረሩ 10 በመቶ ያህል ይበረታል። ባርኔጣ የደፋ ሰው እንኳ አገጩ የሚቃጠለው ጨረሩ ከእግሩ ሥር ጭምር ስለሚመጣበት ነው።

የዓይን ሕመሙ ደግሞ ወዲያው አይታወቅም። ቀን ሲጫወት የዋለው ሰው ከጥቂት ሰዓቶች በኋላ ዓይኑ አሸዋ እንደ ገባበት ይቈረቊረዋል፤ እንባው ይፈሳል፤ መብራት ማየት ይሳነዋል። ይህም የበረዶ ዕውርነት ይባላል። ብዙውን ጊዜ በአንድ ወይም በሁለት ቀን ይድናል፤ ነገር ግን ለብዙ ዓመት የተደጋገመ ጨረር ለዓይን ሞራ ምክንያት ይሆናል።

እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር በ1911 ከካፒቴን ስኮት ጋር ወደ ደቡብ ዋልታ ይጓዝ የነበረው ኤድዋርድ ዊልሰን ሐኪም ሆኖ ሳለ በዚሁ በሽታ ተሠቃይቷል። በሰሜን ዋልታ አካባቢ የሚኖሩት ኢኑይቶች ግን ከአጥንት፥ ከቀንድና ከእንጨት ጠባብ ቀዳዳ ያለው የዓይን መከለያ መሥራትን ከአባቶቻቸው ተምረዋል። እንግዲህ ማወቅ ብቻውን አይበቃም፤ ልማድ ማድረግ ያስፈልጋል።

«እኛ ፀሐይ የለመድን ጥቁሮች ነን» የሚልም አይጠፋም። የገላ ጥቊረት ጥቂት ይከላከላል እንጂ ፈጽሞ አያድንም፤ ለዓይንማ መነጽር አይሆነውም።

ስለዚህ ተጓዡ መነጽር ሲገዛ ጥቊረቱን ሳይሆን ጨረሩን መከልከሉን ይጠይቅ፤ ጐኑም የተሸፈነ ይሁን። ቊጥሩ 30 ወይም ከዚያ በላይ የሆነ የፀሐይ መከላከያ ቅባት ፊቱን፥ ከአገጩ በታችና ጆሮውን ይቀባ፤ በየሁለት ሰዓቱም ይድገመው። ሰማዩ ደመና ቢሆንም አይዘናጋ። ዓይኑን ካመመው ግን ሳያሽ ጨለም ካለ ክፍል ይረፍ፤ ሐኪምም ያማክር።

ተምሮ አገሩን ሊያገለግል የሄደ ወጣት የሚያነብበት ዓይኑን ለጓደኞቹ ሣቅ ሲል አሳልፎ ሊሰጥ አይገባውም።