ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦ

«በፍርድ ከሄደችው በቅሎዬ ይልቅ ያለ ፍርድ የሄደችው ጭብጦዬ ትቈጨኛለች» ሲሉ አባቶቻችን የተረቱት ንብረት ንቀው አይደለም። በዳኛ ፊት ቆሞ፣ ቃሉን ሰጥቶ የተረታ ሰው በቅሎውንም አጥቶ ቢሆን ይጽናናል፤ ሳይጠየቅ የተወሰደበት ግን እንቅልፍ የለውም።

ይህን ተረት ያነሣነው ስለ ፖሊስ ነው። በከተማችን ያበደረው ገንዘብ የቀረበት ወይም የቤት ኪራይ የዘገየበት ሰው አስቀድሞ የሚያስበው ፖሊስ ጣቢያን ነው። «አንድ ሌሊት ቢታሰር ይከፍላል» ብሎ የሚመክር ጎረቤትም አይጠፋም።

በልደታ ኮንዶሚኒየም የሦስት ወር ኪራይ ያልከፈለ ተከራይ አለ እንበል። አከራዩ ተቈጥቶ ፖሊስ ጠራ። ፖሊሱ ዱላ ተነሥቶ እንደ ሆነ ይገላግላል፤ የተመታ ካለ ቃሉን ይቀበላል፤ ቍልፍ ተሰብሮ ወይም ዕቃ ተሰርቆ እንደ ሆነ ይመረምራል። ይህ ሥራው ነው። «ዕቃህን አውጥተህ ዛሬውኑ ልቀቅ» ለማለት ግን ሥልጣን የለውም፤ ዕዳው ስንት እንደ ሆነ፣ ውሉም መፍረስ አለመፍረሱን የሚወስን ዳኛ ነውና። ተፈርዶበት አልወጣም ቢል፣ ያን ጊዜ ፖሊስ በፍርድ ቤት ትእዛዝ ፍርዱን ለማስፈጸም ይመጣል።

የብድርም ነገር እንዲሁ ነው። ጥንት ባለገንዘብና ባለዕዳ ልብሳቸው ጫፍ ለጫፍ ተቋጥሮ፣ ቁራኛ ሆነው ይሄዱ ነበር፤ የሚሄዱት ግን ወደ ዳኛ ነው። ኢትዮጵያ በ1985 ዓ.ም. የተቀበለችው የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ዓለም አቀፍ ቃል ኪዳን በአንቀጽ 11፣ የውል ግዴታውን መፈጸም ስላልቻለ ብቻ ማንም ሰው እንዳይታሰር ይከለክላል። የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥትም በአንቀጽ 9 እንዲህ ያለው የጸደቀ ስምምነት የአገሪቱ ሕግ አካል ነው ይላል።

«ብቻ» የምትለውን ቃል ልብ ይሏል። በባንክ በቂ ገንዘብ እንደሌለው እያወቀ ቼክ የሰጠ ሰው፣ ነገሩ ከተራ ዕዳ ያልፋል፤ በ1996 ዓ.ም. የወንጀል ሕግ አንቀጽ 693 ያስጠይቀዋል። አታልሎ የወሰደና የሰው አደራ የበላም እንደዚሁ ነው። እዚህ ላይ ፖሊስ ይገባል፤ ቢሆንም የያዘውን ሰው፣ የመንገዱ ጊዜ ሳይቈጠር፣ በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት ማቅረብ አለበት።

«የፍርድ ቤት ቀጠሮ ይረዝማል» የሚል ይኖራል፤ እውነቱን ነው። ነገር ግን የሚያሳጥረው የጣቢያ እስር ሳይሆን ማስረጃ ነው። የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ ከ500 ብር በላይ የሆነ ብድር በጽሑፍ፣ አለዚያም በፍርድ ቤት በተሰጠ እምነት ወይም መሐላ ካልሆነ በቀር አይረጋገጥም ይላል። ዛሬ 500 ብር የማያበድር ማን አለ? በመተማመን ብቻ ሰጥተን ወረቀት ስለሌለን ነው ወደ ጣቢያ የምንሮጠው።

ስለዚህ አንባቢ ሆይ፣ ውልዎን ይጻፉ፤ የተከፈለበትንም ደረሰኝ ያኑሩ። ለልደታ ሰው ፍርድ ቤቱ ከደጁ ነው። ዛሬ ባለገንዘብ የሆነ ነገ ባለዕዳ ሊሆን ይችላልና፣ በጎረቤቱ ላይ የፈቀደው እስር በእርሱም ላይ የተፈቀደ መሆኑን አይርሳ።