ዓለም ከተማና የዓለም ቤተ መጻሕፍት

በ1966 ዓ.ም. ጥቂት ሰዎች የፎቶግራፍ መሣሪያ ተሸክመው በኢትዮጵያ አብያተ ክርስቲያናትና ገዳማት መዞር ጀመሩ። የጉዟቸውም ምክንያት የብራና መጻሕፍትን ቅጠል በቅጠል እያነሡ ወደ ማይክሮፊልም መገልበጥ ነበር። ሥራውን በስምምነት ያቆሙት የኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያንና በአሜሪካ አገር በሚኒሶታ፥ ኮሌጅቪል በተባለው ስፍራ የሚገኘው የቅዱስ ዮሐንስ ዩኒቨርሲቲ ከሌሎች ረዳቶቻቸው ጋር ናቸው። መሣሪያው ሥራውን እስኪያቆም ድረስ ወደ 9 ሺህ የሚጠጉ መጻሕፍት ተነሥተዋል፤ ከእነዚህም መካከል እጅግ ብዙዎቹ የሸዋ ናቸው። መጽሐፉ ከባለቤቱ እጅ አልወጣም፤ ፊልሙ ግን አንድ ቅጂ በአዲስ አበባ በወመዘክር፥ አንድ ቅጂ በሚኒሶታ ተቀመጠ።

እነዚህን መጻሕፍት አንብበው፥ ዘመናቸውንና ይዘታቸውን ለይተው በመዝገብ ካሰፈሩት ሊቃውንት ዋነኛው ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌ ናቸው። በሰሜን ሸዋ በሸንኮራ ተወልደው፥ በአብዮቱ ዘመን በጥይት ተመትተው፥ በተሽከርካሪ ወንበር ላይ ሆነው በ1976 እ.ኤ.አ. ሚኒሶታ የገቡት እኒህ ሰው እስከ ዕለተ ሞታቸው እስከ 2013 ዓ.ም. ድረስ የሸዋን ብራና በባዕድ አገር ሲያነቡ ኖሩ። ፊልሙም በኋላ ወደ ዲጂታል ምስል ተለወጠ፤ ከ2015 እ.ኤ.አ. ወዲህ ደግሞ በኢንተርኔት ስሙን ያስመዘገበ ማናቸውም ሰው ያለ ክፍያ ሊመለከተው ይችላል። ዛሬ በቶኪዮ ወይም በሮማ የተቀመጠ ተማሪ የሸዋን ድርሳን ቡናውን እየጠጣ ያገላብጣል።

ለመሆኑ በዓለም ከተማ የተቀመጠውስ ተማሪ?

ይህን ጥያቄ የምናነሣው የመርሐቤቴን ሰው ለማሳዘን ወይም ባሕር ማዶ ያሉትን ለመውቀስ አይደለም። ፊልሙን ያነሡት ባያነሡት ኖሮ፥ ከዚያ በኋላ በእሳት፥ በዝናብና በሌባ የጠፋው ጽሑፍ ፈጽሞ ባልተገኘም ነበር። ጥያቄያችን ሌላ ነው። ከሙከጡሪ በለሚ በኩል አልፎ፥ ወደ ዠማ ሸለቆ ቁልቁል ወርዶ፥ ወንዙን ተሻግሮ፥ እንደ ገና ዳገቱን ወጥቶ ዓለም ከተማ የደረሰ መንገደኛ የዚያ አገር ደጋ ምን ያህል የተራራቀ እንደ ሆነ በጉልበቱ ያውቀዋል። ነገር ግን ይህ አገር ለተመራማሪ የተሰወረ አገር አይደለም። እንዲያውም ከኢትዮጵያ ገጠር ሁሉ እንደ መንዝና አካባቢው ብዙ የተጻፈበት ጥቂት ነው። ዶናልድ ሌቪን የተባለው አሜሪካዊ በመንዝ ገበሬዎች መካከል ተቀምጦ ያጠናውን ይዞ «ሰምና ወርቅ» የተባለውን መጽሐፉን በ1965 እ.ኤ.አ. በቺካጎ አሳተመ። የጓሳን ሣርና የቀበሮውን ኑሮ፥ ሕዝቡም ጓሳን በባህሉ እንዴት ሲጠብቅ እንደ ኖረ የሚመረምር የዶክትሬት ጽሑፍ በእንግሊዝ አገር በኬንት ዩኒቨርሲቲ ቀርቧል። ስለ መንዝ በግም ቢሆን የገበሬውን መንጋ በማኅበር ስለ ማዳቀል የወጡትን ጥናቶች በዓለም ዙሪያ ያሉ የእንስሳት ሊቃውንት ያነቧቸዋል።

እንግዲህ የበጉ ባለቤት፥ የጓሳው ጠባቂና የብራናው ወራሽ ያለው እዚህ ነው፤ ስለ እርሱ የተጻፈው ግን እዚያ ነው። ቀድሞ ለዚህ በቂ ምክንያት ነበር። መጽሐፍ ዕቃ ነውና አንድ ቦታ ካለ ሌላ ቦታ የለም፤ ለማስመጣትም ገንዘብና መርከብ ይጠይቃል። ዛሬ ግን አንድ ሺህ ገጽ ወደ አንድ ሺህ ሰው ለመገልበጥ የሚፈጀው ጊዜ አንድ ሲኒ ቡና ከሚፈጀው ጊዜ ያነሰ ነው። ስለዚህ የመራራቁ ሰበብ ከወደቀ፥ መጽሐፉ እንዳይመለስ የሚያግደው ምንድን ነው? ነገሩን ቀረብ ብለን ብንመረምረው እንቅፋቱ ብዙዎች እንደሚያስቡት የመሣሪያ እጦት ብቻ አይደለም።

በእርግጥ ሽቦውን መርሳት አይቻልም። በሐምሌ 2015 ዓ.ም. መጨረሻ በአማራ ክልል ኢንተርኔት በተቋረጠ ጊዜ አገልግሎቱ ለብዙ ወራት ሳይመለስ ቆይቷል። በዚያን ጊዜ መጽሐፉን ሁሉ በሩቅ አገር ሰርቨር ላይ አድርጎ «ዲጂታል ቤተ መጻሕፍት አለኝ» ይል የነበረ ተቋም፥ በሩ ክፍት ሆኖ መደርደሪያው ባዶ የሆነበትን ቤት መሰለ። መብራትም በበኩሉ ሲሄድ ተሰናብቶ አይሄድም። ከዚህ የምንማረው ለወረዳ ከተማ የሚስማማው ዲጂታል ቤተ መጻሕፍት በሽቦ የሚመጣ ሳይሆን በቤት ውስጥ የሚቀመጥ መሆኑን ነው። ኪዊክስ የተባለው ፕሮግራም ዊኪፔድያን በሙሉ ያለ ኢንተርኔት ለማንበብ እንዲቻል አድርጓል፤ የእንግሊዝኛው ከነሥዕሉ በእጅ መዳፍ በምትያዝ አንዲት ዲስክ ላይ ይገባል። ዲስኳን ከአንድ ትንሽ ኮምፒዩተር ጋር አያይዞ በአንድ ክፍል ውስጥ ላሉ ስልኮች ሁሉ ያለ ሲም ካርድ ማዳረስ ይቻላል። ይህ የሊቃውንት ምሥጢር አይደለም፤ በየከተማው ያሉ ፎቶ ኮፒ ቤቶችና ሙዚቃ ጫኞች ተራ ሥራቸው አድርገውት ኖረዋል። ልጁ ሚሞሪ ካርዱን ይሰጣል፤ ጥቂት ብር ይከፍላል፤ የጠየቀውን ፋይል ተጭኖለት ይሄዳል። እኛም ዩኒቨርሲቲ በነበርን ጊዜ ለፈተና ያነበብነው አብዛኛው ጽሑፍ የደረሰን ከመደርደሪያ ሳይሆን ከጓደኛ ፍላሽና ከቴሌግራም ነው። ነገሩን በትክክል ለመናገር፥ የአገራችን ሰፊው ዲጂታል ቤተ መጻሕፍት ካታሎግም ሆነ ሹም የሌለው ይኸው ነው።

(በዚህ አጋጣሚ አንድ ነገር ሳንናገር አናልፍም። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች አዋጅ ቁጥር 410/1996 የደራሲን መብት እስከ ዕድሜው ፍጻሜና ከዚያም በኋላ ለ50 ዓመት ይጠብቃል። የሕያዋን ደራስያንን ልብ ወለድ እየቃኙ በቴሌግራም መበተን የደራሲን እንጀራ መንጠቅ ነውና እኛ ዕውቀትን ማዳረስ ብለን አንጠራውም። እኛ የምንናገረው የመንግሥት የመማሪያ መጻሕፍትን፥ በሕዝብ ገንዘብ የተደረጉ ጥናቶችንና ባለቤታቸው የፈቀዳቸውን ጽሑፎች ነው። የብራናውም ምስል ቢሆን የደብሩን ፈቃድ ሳይዝ አይመለስም።)

ዋናው እንቅፋት ያለው ግን በእኛ በወጣት ሠራተኞች ጠረጴዛ ላይ ነው። የመንግሥት መሥሪያ ቤት ንብረት በሞዴል 19 ገቢ፥ በሞዴል 22 ወጪ ይሆናል። የቤተ መጻሕፍት ሠራተኛም መጻሕፍቱን እንደ ወንበርና እንደ ጠረጴዛ ፈርሞ ይረከባል። አንድ መጽሐፍ ከጠፋ ተጠያቂው እርሱ ነው፤ አንድ መጽሐፍ ሳይነበብ ሃያ ዓመት ቢቀመጥ ግን የሚጠይቀው የለም። ታዲያ እንዲህ ያለው ሰው ቁልፉን አጥብቆ ቢይዝ በምን ይፈረድበታል? ኮምፒዩተር ሲመጣለትም ያንኑ ሕግ ይከተላል። ተማሪ ከነካው ይበላሻል፤ ከተበላሸ ይጠየቃል፤ ስለዚህ በጨርቅ ይሸፈናል። በ1997 ዓ.ም. በየሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቱ የገባውን ፕላዝማ የሚያስታውስ ሁሉ ይህን ጨርቅ ያስታውሰዋል። ትምህርቱ በሳተላይት ይተላለፍ ነበር፤ መሣሪያው ውድ ነበር፤ ሲበላሽ የሚጠግነው ሰው ግን ለብዙው ትምህርት ቤት ቅርብ አልነበረም።

ዲጂታል መጽሐፍ ከዚህ ሥርዐት ጋር የሚጋጭበት ስፍራ ግልጽ ነው። በፋይል መልክ ያለ መጽሐፍ ሲሰጥ አይጎድልም፤ ሲገለበጥ አይጠፋም። አሥር ሺህ መጻሕፍት ያሉበት ዲስክ በሞዴል 19 ላይ ሲሰፍር «ዲስክ፥ ብዛት 1» ተብሎ ነው። ሠራተኛው እነዚያን አሥር ሺህ መጻሕፍት ለሦስት መቶ ተማሪዎች ቢያዳርስ በዓመቱ ሪፖርት ላይ የሚጻፍለት ዓምድ የለም፤ ዲስኳ ብትሰበር ግን ዋጋዋ የሚጻፍበት ዓምድ አለ። የቀድሞ ጸሓፊዎቻችን ይህን ጉዳይ ከእኛ የተሻለ ያውቁት ነበር ለማለት እንደፍራለን። አንድ ገድል ከእሳትና ከጦርነት ያመለጠው በአንድ ደብር ዕቃ ቤት ስለ ተቆለፈ ብቻ አይደለም፤ ደብተራው ወደ ጎረቤት ደብር ወስዶ ስለ ገለበጠውም ነው። ስለዚህ የወረዳው የፋይናንስና የትምህርት ጽሕፈት ቤቶች ተቀምጠው፥ የተዳረሰ ቅጂ እንደ ሥራ ውጤት የሚቈጠርበትን፥ በአገልግሎት ያረጀ ዲስክም እንደ ጠፋ ንብረት የማይቈጠርበትን መመሪያ ቢያወጡ፥ ይህ አሥር አዲስ ኮምፒዩተር ከመግዛት የበለጠ ጥቅም አለው የምንለው በዚህ ምክንያት ነው።

ሁለተኛው ጉዳይ ቋንቋው ነው። የግዕዝ ፊደል ዩኒኮድ ከተባለው የዓለም የፊደል መዝገብ የገባው በ1999 እ.ኤ.አ. ነው። ከዚያ በፊት፥ ከዚያም በኋላ ለብዙ ዓመታት፥ በአገር ቤት የተሠሩት የአማርኛ ጽሕፈት ፕሮግራሞች እያንዳንዳቸው ፊደሉን በየራሳቸው ቁጥር ያስቀምጡት ነበር። ከዚህም የተነሣ በአንዱ የተጻፈው በሌላው ሲከፈት የማይነበብ ምልክት ይሆናል፤ ዓይን ቢያነበውም እንኳ ኮምፒዩተሩ ቃል መርጦ ሊፈልግበት አይችልም። ገጹ በስካነር የተነሣው ደግሞ ፎቶግራፍ ነው እንጂ ጽሑፍ አይደለም፤ ፊደሉን የሚለይ ፕሮግራም ሥራውን እስኪጨርስ ድረስ ያው እንደ ታሸገ መጽሐፍ ነው። የአማርኛው ዊኪፔድያ 15 ሺህ ያህል ጽሑፎች አሉት፤ የእንግሊዝኛው ግን ሚሊዮኖችን ይቈጥራል። እንግዲህ ዲስኳ ዓለም ከተማ ብትደርስም ከእንግሊዝኛው ጋር ያልተዋወቀ ሰው የሚያገኘው ጥቂት ነው።

ይህ ሁሉ የሊቃውንት ጭውውት እንዳይመስል አንድ ነገር እናስታውስ። በ2014 ዓ.ም. የአሥራ ሁለተኛ ክፍልን ፈተና ከወሰዱት ተማሪዎች መካከል ግማሽና ከዚያ በላይ ውጤት ያገኙት 3.3 ከመቶ ብቻ ነበሩ፤ በ2015 3.2 ከመቶ፥ በ2016 5.4 ከመቶ። በዚሁ በ2016 ዓ.ም. ፈተናው በከፊል በኮምፒዩተር መሰጠት ጀምሯል፤ ከዩኒቨርሲቲ የሚመረቀውም ከ2015 ዓ.ም. ወዲህ የመውጫ ፈተናውን በኮምፒዩተር ይፈተናል። የአዲሱ ሥርዐተ ትምህርት መጻሕፍትም ታትመው ሳይዳረሱ በፊት ለብዙ ተማሪ የደረሱት በስልክ ላይ በሚነበብ ፋይል ነው። ስልክ ያለው አነበበ፤ የሌለው ካለው ትከሻ ላይ ተንጠራርቶ አየ። ከመርሐቤቴ ቆላ ተነሥቶ ለፈተናው ቀን ዩኒቨርሲቲ ግቢ የሚገባ ልጅ በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ የያዘው «ማውስ» የፈተናው ማውስ ከሆነ፥ የተፈተነው በፊዚክስ ነው ወይስ በማውስ? በዋና ከተማው በ2014 ዓ.ም. ታኅሣሥ ወር የተከፈተው አብርሆት ቤተ መጻሕፍት የሚያኰራ ሥራ ነው፤ ነገር ግን ዠማን ተሻግሮ ለሚመጣው ልጅ አራት ኪሎ የአንድ ቀን መንገድ ነው።

ስለዚህ ዓይናችን ወደ ዩኒቨርሲቲዎች ይመለሳል። የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የተማሪዎቹን የመመረቂያ ጽሑፎች በኢንተርኔት ማኖር ከጀመረ ቆይቷል፤ ትምህርት ሚኒስቴርም ዩኒቨርሲቲዎችን በሚያገናኘው መረብ በኩል ብሔራዊ ዲጂታል ቤተ መጻሕፍት አቋቁሟል። እነዚህ ትልልቅ እርምጃዎች ናቸው፤ የተሠሩት ግን ዩኒቨርሲቲ ለዩኒቨርሲቲ እንዲነጋገር ነው። ተማሪው ወደ ወረዳ ይወርዳል፤ የግብርና ጽሕፈት ቤቱን ሰነድ ይጠይቃል፤ ገበሬውን በመጠይቅ ያደክማል፤ ከዚያም ጽሑፉን በእንግሊዝኛ አዘጋጅቶ፥ ተመርቆ፥ ይሄዳል። መጠይቁን የሞላው ገበሬ ቀርቶ መጠይቁን ያስፈቀደው ባለሙያ እንኳ ውጤቱን አያይም። በ1999 ዓ.ም. ሥራ የጀመረው የደብረ ብርሃን ዩኒቨርሲቲ ለመንዝ፥ ለግሼና ለመርሐቤቴ ቅርብ ጎረቤት ስለ ሆነ ይህን ልማድ ለመስበር ከሁሉ የተሻለ ስፍራ ይዟል። ማናቸውም ተማሪ በአንድ ወረዳ ላይ ጥናት ሲያደርግ፥ ከመመረቁ በፊት የጽሑፉን ሙሉ ቅጂ ከአሥር ገጽ የማይበልጥ የአማርኛ ማጠቃለያ ጋር ለዚያ ወረዳ ቤተ መጻሕፍት እንዲያስረክብ ቢታዘዝ፥ ዩኒቨርሲቲውን አንድ ሳንቲም አያስወጣውም። ማጠቃለያውም በዩኒኮድ ይጻፍ፤ አለዚያ ከአሥር ዓመት በኋላ ተመራማሪው ራሱም አያነበውም።

የዚህ ዓይነቱ ሥራ የሚጠይቀው ዕቃ ትንሽ ነው። አንድ ኮምፒዩተር፥ ሁለት ዲስክ (አንደኛው ሲሰበር ሁለተኛው እንዲተካው)፥ ለመብራት መጥፊያው ሰዓት አንድ ባትሪ። በየስድስት ወሩ አዲሱን ጽሑፍ የያዘውን ዲስክ ከደብረ ብርሃን የሚያመጣው ተራው የሕዝብ አውቶቡስ ነው፤ ኢንተርኔት ቢኖርም ባይኖርም አውቶቡሱ እስከ ሄደ ድረስ መጽሐፉ ይደርሳል። ስለ ጓሳ የተጻፈው ለጓሳ ባለሙያ፥ ስለ በጉ የተጻፈው ለእንስሳት ርባታ ባለሙያ፥ የብራናውም ምስል ደብሩ እሺ ካለ ለየኔታና ለደቀ መዝሙሩ ይከፈታል። ዲስኩ ዓለም ከተማ የደረሰ ዕለት በሞዴል 19 ላይ የሚፈርመው ማን እንደ ሆነ ግን ከወዲሁ መወሰን አለበት።