«ኃይል» ስንል የትኛውን ማለታችን ነው?

ባለፈው ዓመት በፊዚክስ ክፍለ ጊዜ መምህራችን ከመቀመጫዬ አስነሥተው ጠየቁኝ። «ፎርስ በአማርኛ ምን ይባላል?» ቢሉኝ «ኃይል» ብዬ መለስሁ። «ፓወርስ?» አሉኝ፤ «ኃይል» አልሁ። «ኤነርጂስ?» ሲሉኝ ከኋላ ያሉት ተማሪዎች መሳቅ ጀምረው ነበር፤ እኔም ሌላ ቃል ስላጣሁ አሁንም «ኃይል» ብዬ ተቀመጥሁ። መምህራችንም ፈገግ ብለው፥ «እንግዲህ ሦስቱን ነገሮች ለመለየት ወደ እንግሊዝኛ መሄድ ግድ ነው፤ አማርኛችን ለሳይንስ ገና አልደረሰም» አሉ። መምህሬን እጅግ የማከብራቸው ብሆንም በዚህ ነገር ግን ልስማማ አልቻልሁም። ያን ቀን በቂ መልስ ስላልነበረኝ ዝም አልሁ፤ ዛሬ መጽሔታችን ስፍራ ስለ ሰጠኝ የመሰለኝን እጽፋለሁ።

ቃሉ በእውነቱ ሥራ የበዛበት ቃል ነው። ቢሾፍቱ ያለው አየር ኃይል ነው፤ መብራት የሚያመነጨው መሥሪያ ቤት ኤሌክትሪክ ኃይል ይባላል፤ ፋብሪካው የሰው ኃይል ይቀጥራል፤ ሽማግሌ ሲቆጡ ኃይለ ቃል ተናገሩ ይባላል። ከአርሲ ወጥቶ በ1996 እና በ2000 በኦሎምፒክ የ10,000 ሜትር ሩጫ ያሸነፈው ጀግናችን እንኳ ስሙ ኃይሌ ነው። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) በዕለት ንግግር ይህ ሁሉ ማንንም አይጎዳም። አየር ኃይልን ከኃይለ ቃል ጋር ያሳሳተ ሰው እስካሁን አላየሁም። ጉዳቱ የሚመጣው ነገሩ በቁጥር መለካት ሲጀምር ነው፤ ይህንንም በዐይኔ ያየሁት መቂ ላይ ነው።

አጎቴ በዝዋይ ሐይቅ አካባቢ መሬት ተከራይተው ቲማቲምና ሽንኩርት ያለማሉ። የቀድሞው ማሳቸው ከውሃው አጠገብ ስለ ነበረ ትንሿ የውሃ ሞተራቸው ትበቃቸው ነበር። አምና ግን ከፍ ካለ ስፍራ ሌላ ማሳ ያዙ፤ ከውሃው 20 ሜትር ያህል ከፍ ይላል። ስለዚህ ወደ ሱቅ ሄደው «ኃይል ያለው ሞተር ስጠኝ» አሉ። ሻጩም «ኃይለኛው ይኸውልዎ፤ የቀድሞው 5 የፈረስ ጉልበት ነበር፥ ይህ 7 ነው» አላቸው። ገንዘቡን ከፍለው ሞተሩን በባጃጅ ጭነው መጡ። ሲያስነሡት በሐይቁ ዳር ውሃው እንደ ጎርፍ ይወርዳል፤ ቱቦውን ወደ ላይኛው ማሳ ሲወስዱት ግን ከመንገዱ እኩሌታ አልፎ አንዲት ጠብታ አልወጣችም። ወደ ሱቁ ሲመልሱት ሻጩ በርሜል ውስጥ አስነሥቶ ውሃውን አሳያቸውና «ምን ጐደለው?» አላቸው። ክርክሩ ሳያልቅ፥ ሌላም ሞተር ሳይገኝ የቲማቲሙ ችግኝ ደረቀ። የዚያ ዓመት የአጎቴ ልጆች የትምህርት ቤት ወጪ ከዚያ ቲማቲም የሚወጣ ነበር።

እኔ ነገሩን በወረቀት ላይ አውጥቼ አውርጄ ሳየው ሻጩ አልዋሸም፤ አጎቴም አላጠፉም። አንድ የፈረስ ጉልበት 746 ዋት ስለሆነ የ7ቱ ድምር 5,222 ዋት ነው። አንድ ሊትር ውሃ 20 ሜትር ለማውጣት 196 ጁል ስለሚያስፈልግ፥ ሞተሩ ምንም ሳይባክንበት ቢሠራ በየሰከንዱ 26 ሊትር ያህል ወደ ላይኛው ማሳ ሊያወጣ በተገባው ነበር። ነገር ግን ያ ፓምፕ ብዙ ውሃ በዝቅተኛ ስፍራ ለመርጨት እንጂ ውሃውን ወደ ከፍታ ለመግፋት አልተሠራም። አጎቴ የጠየቁት ግፊቱን ነው፤ ሻጩ የመለሰላቸው በየሰከንዱ የሚሠራውን የሥራ መጠን ነው። ሁለቱም «ኃይል» ስላሉት የተግባቡ መስሏቸው ተለያዩ።

ለማያውቁት አንባቢዎች፥ በተለይም ለወላጆቻችን፥ ልዩነቱን በጎተራ ላስረዳ። ኤነርጂ የሚባለው በጎተራው ውስጥ ያለው እህል ነው፤ የሚለካው በጁል ነው። ፓወር የሚባለው በሰዓት ስንት ቁና እህል እንደሚወጣ የሚናገረው ነው፤ የሚለካውም በዋት ነው። ፎርስ ደግሞ ቁናውን የሚያነሣው የክንድ ግፊት ነው፤ በኒውተን ይለካል። ጎተራው ሙሉ ሆኖ አውጪው ሰነፍ ሊሆን ይችላል፤ አውጪው ብርቱ ሆኖ ጎተራው ባዶ ሊሆን ይችላል። የ100 ሜትር ሯጭ በፓወር ኃይሌን ይበልጠዋል፤ ከመነሻ እስከ መድረሻ በሚያወጣው ኤነርጂ ግን ኃይሌ እርሱን ብዙ እጥፍ ይበልጠዋል። ስሙ የትኛውን ኃይል እንደሚያመለክት ለስም አውጪዎቹ እንተወው።

ከከተማችን ብዙ የማይርቀው የቆቃ ግድብ ለዚህ ከመጽሐፍ የተሻለ ምሳሌ ነው። ግድቡ ኢጣሊያ ስለ ጦርነቱ በከፈለችው ካሣ ተሠርቶ በ1960 መብራት መስጠት ጀመረ፤ የማሽኖቹም ፓወር 43.2 ሜጋዋት ነው። አዋሽና ሞጆ ወንዝ ግን ከደጋው አፈር እየጠረጉ በየክረምቱ ወደ ሐይቁ ያስገባሉ፤ ደለሉም የውሃውን ስፍራ እየያዘ መጥቷል። ማሽኑ ያው ማሽን ነው፤ በመዝገብ የተጻፈው 43.2ም ያው ነው፤ የተቀነሰው በውሃ መልክ ሊጠራቀም የሚችለው ኤነርጂ ነው። እንግዲህ አንድ ሰው «የቆቃ ኃይል ቀንሷል» ቢል፥ ሌላውም «የለም፥ አልቀነሰም» ቢል፥ ሁለቱም እውነት ተናግረው እስኪመሽ ሊከራከሩ ይችላሉ።

በየቤታችንም እንዲሁ ነው። እናቴ ወርሃዊው የመብራት ሒሳብ ሲመጣ ሁልጊዜ የምትከሰው ምጣዱን ነው፤ «ኃይል የሚበላው እርሱ ነው» ትላለች። ምጣዱ 3,500 ዋት ቢሆን ለአንድ ሰዓት ሲጋገርበት 3.5 ኪሎዋት ሰዓት ይፈጃል። በረንዳችን ላይ ቀንም ሌሊትም ሳይጠፋ የሚከርመው ባለ 100 ዋት አምፖል ግን በአንድ ሳምንት 16.8 ኪሎዋት ሰዓት ይፈጃል። ቆጣሪው የሚቆጥረው ኤነርጂን ነው፤ እናቴ የምትፈራው ፓወርን ነው። አምፖሉን ያላጠፋሁት እኔ ስለ ሆንሁ ይህን ሒሳብ ለእርሷ አላሳየኋትም፤ መጽሔቱን ስታነብ ታየዋለች።

አሁን ወደ መምህሬ ቃል ልመለስ። ይህ መደባለቅ የአማርኛ ድህነት ከሆነ አውሮፓም ለብዙ ዘመን ድሃ ነበረች ማለት ነው። ኒውተን በ1687 ባሳተመው መጽሐፉ «ቪስ» የሚለውን የላቲን ቃል፥ ይኸውም ኃይል ማለት ነው፥ ለሚገፋውም፥ ወደ መካከል ለሚስበውም፥ አንድ ነገር ባለበት እንዲጸና ለሚያደርገውም ባሕርይ ተጠቅሞበታል። በዚያው ዘመን ላይብኒትዝ ደግሞ የክብደትንና የፍጥነት ዳግም ርቢን ብዜት «ሕያው ኃይል» ብሎ ጠራው፤ የእርሱና የዴካርት ወገኖች ስለ «ኃይል» ትክክለኛ ልክ ለብዙ ዓመታት ተከራከሩ። «ኤነርጂ» የሚለውን ቃል በዛሬው ፍቺው አቅራቢያ የተጠቀመበት ቶማስ ያንግ በ1807 ነው። ከዚያም በኋላ፥ በ1847፥ ገና ወጣት ሐኪም የነበረው ሄልምሆልትዝ ዛሬ የኤነርጂ አለመጥፋት የምንለውን ሕግ ሲጽፍ በጀርመንኛ የሰጠው ርእስ «ስለ ክራፍት አለመጥፋት» የሚል ነው፤ ክራፍት ማለት ደግሞ ኃይል ነው! የስኮትላንዱ መሐንዲስ ራንኪን በ1853 ሕጉን በኤነርጂ ስም እስኪጠራው ድረስ ነገሩ እንዲሁ ነበር። ሄልምሆልትዝ እንደ እኔ ከመቀመጫው ተነሥቶ ቢጠየቅ እርሱም «ክራፍት፥ ክራፍት» ብሎ በተቀመጠ ነበር፤ ከኋላው ይሳቅበት እንደ ሆነ እንጃ። ቃላቱ የተለዩት ሰዎች ተመካክረው ስለ ለዩአቸው ነው።

እንግሊዝኛም ቢሆን ዛሬ ከዚህ ችግር ነጻ አይደለም። «ፓወር» በፊዚክስ ዋት ነው፤ በሒሳብ ግን 2 ሦስት ጊዜ በራሱ ሲባዛ 8 የሚሆንበት ነገር ነው። መነጽር ሠሪው «ፓወሩ 2 ነው» ቢል የመስተዋቱ ማተኰሪያ ግማሽ ሜትር ላይ ነው ማለቱ ነው፤ ዋት የሚባል ነገር እዚያ የለም። በስታቲስቲክስ ደግሞ በእውነት ያለን ልዩነት አንድ ምርመራ ሳያመልጠው የማግኘት ዕድሉ ፓወር ይባላል። የሒሳቡ ስም የመጣው ከጥንት ግሪኮች ነው፤ እነርሱ የአንድን ቁጥር ዳግም ርቢ «ዲናሚስ» ይሉት ነበር፤ ትርጓሜውም ኃይል ነው። የእኛ የሒሳብ መጻሕፍት ይህን ተከትለው ቢሆን ኖሮ «ኃይል» አራተኛ ሸክም ይጫንበት ነበር። ነገር ግን «ርቢ» የሚለውን ቃል መረጡ። ከብት አርብቶ የሚኖር የከረዩ ልጅ ርቢ ምን እንደ ሆነ ሳይነገረው ያውቃል፤ አንዱ ሁለት፥ ሁለቱ አራት፥ አራቱ ስምንት እያለ የሚሄደውን ነገር ከ«ፓወር» ይልቅ «ርቢ» አሳምሮ ይገልጸዋል ብዬ አምናለሁ። መምህሬ ይቅርታ ያድርጉልኝና፥ በዚህ ስፍራ ወደ ኋላ የቀረው እንግሊዝኛው ነው።

ርቢን ያልተረዳ ሰው የመሬት መንቀጥቀጥ ዜናም አይገባውም። በ2024 መጨረሻና በ2025 መጀመሪያ በፈንታሌ አካባቢ የተነሣው መንቀጥቀጥ አዳማ ድረስ ሲሰማ፥ ሰፈራችን ሁሉ ስለ ቁጥሮቹ ያወራ ነበር። 4 እና 5 በአንድ ብቻ የሚለያዩ መስሏቸው የተጽናኑ ብዙዎች ናቸው። በዚያ መለኪያ አንድ ደረጃ መውጣት ማለት ግን በመሣሪያው ላይ የሚታየው ንቅናቄ 10 እጥፍ፥ የሚለቀቀውም ኤነርጂ 32 እጥፍ ያህል መሆኑ ነው።

ሁለቱ ፓወሮች፥ የፊዚክሱና የሒሳቡ፥ ተገናኝተው ማየት የሚወድ ሰው ደግሞ ቀና ብሎ የአዳማን ኮረብታ ይመልከት። በ2012 የተመረቀው የመጀመሪያው የነፋስ ጣቢያ 34 ተሽከርካሪዎች አሉት፤ በ2015 የተመረቀው ሁለተኛው 102 አሉት፤ እያንዳንዱ 1.5 ሜጋዋት ስለሆነ ድምሩ 204 ሜጋዋት ነው። በቁጥር ብቻ ከታየ ቆቃን ከአራት እጥፍ በላይ ይበልጣል። ሆኖም ነፋሱ ሁልጊዜ በሙሉ አይነፍስም፤ ነፋሱ ሲደክም ደግሞ ፓወሩ የሚቀንሰው እንዲሁ በልኩ አይደለም፥ በነፋሱ ፍጥነት ሣልስ ርቢ ነው። ፍጥነቱ በእጥፍ ቢጨምር በክንፉ የሚያልፈው አየር በእጥፍ ይጨምራል፤ እያንዳንዱ ኪሎ አየር የተሸከመው ኤነርጂም አራት እጥፍ ይሆናል፤ ሁለት ጊዜ አራት ስምንት። በተቃራኒው ነፋሱ በግማሽ ቢቀንስ የሚቀረው ስምንተኛው እጅ ብቻ ነው። ይህን ዐረፍተ ነገር በእንግሊዝኛ ብጽፈው «ፓወሩ በሦስተኛው ፓወር ያድጋል» በሆነ ነበር፤ የኛው ይሻላል።

በክፍላችን አንድ ጓደኛ አለኝ፤ የመጀመሪያ ደረጃ ትምህርቱን የተማረው በኦሮምኛ ነው። ያን ቀን እኔ ሦስት ጊዜ «ኃይል» ብዬ ስቀመጥ እርሱ ቀስ ብሎ «በእኛ መጽሐፍ ሁምና ሌላ፥ አኒሳ ሌላ ነው» አለኝ፤ ሁምና ለፎርስ፥ አኒሳ ለኤነርጂ ማለት ነው። በሰፈር ንግግር ሁምናም እንደ ኃይል ብዙ ነገር ይሸፍናል፤ በመጽሐፉ ግን ተለይቷል፤ ስለ ተለየም እርሱ አይሳሳትም። ይህን ስሰማ አፈርሁ፥ ደስም አለኝ።

ስለዚህ እኔ በበኩሌ የማቀርበው ሐሳብ ይህ ነው። በክፍል ውስጥ መምህራኖቻችን በአማርኛ ሲያብራሩ «ኃይል» ለፎርስ ብቻ ይሁን፤ የመሬት ስበት ኃይል እንደምንለው። ኤነርጂን «ጉልበት» እንበለው፤ ፓወርን «አቅም»። መምህሬ ይህን ሳሳያቸው ወዲያው አንድ እንከን አገኙበት፤ «የፈረስ ጉልበት የሚለካው ፓወርን ነው፤ ፈረሱን ምን ልታደርገው ነው?» አሉኝ። እውነታቸውን ነው፤ ለፈረሱ እስካሁን መልስ አላገኘሁለትም። ሌላ ሰው ከእኔ የተሻሉ ሦስት ቃላት ቢያመጣ የእኔዎቹ ቢወድቁም አልከፋም፤ ቃላቱ ሦስት መሆናቸውን ግን አልለቅም።

አጎቴ ዘንድሮ የአምናውን ሞተር በግማሽ ዋጋ ሸጠው ሌላ ለመግዛት ሲሄዱ እኔም አብሬ ሄድሁ። ሻጩ እንደ ልማዱ «ኃይለኛ ነው» ሲላቸው፥ አጎቴ «ኃይሉን ተወው፤ ውሃውን ስንት ሜትር ያወጣል?» አሉት። ሻጩም ከሞተሩ ጎን የተለጠፈችውን ጽሑፍ ጎንበስ ብሎ ማንበብ ጀመረ።