አገርህን እወቅ ወይስ አገርህን እለፍ?

«አገርህን እወቅ» የሚለው ቃል ከትእዛዝ ሁሉ የማይሰለች ትእዛዝ ነው። በየትምህርት ቤቱ ግድግዳ ላይ አንብበነዋል፤ በየክበቡ ማኅተም ላይ አይተነዋል፤ በአውቶቡስ ጎን በጨርቅ ተጽፎ ሲውለበለብ ተከትለነዋል። ያላዩት አገር አይናፍቅም ይላሉ አባቶቻችን፤ እውነታቸውን ነው። ዳሩ ግን አንድ ነገር ልንጨምርበት እንወዳለን፤ «አየሁት» ብለው በችኮላ የተሰናበቱት አገርም አይናፍቅም። በየዓመቱ በተማሪው ገንዘብና ድካም የሚዘጋጀው የአንድ ቀን ጉብኝት፣ አስጎብኚ ተቀጥሮለት፣ ሐይቅና ገደል፣ ተራራና ጫካ በአንድ ወረቀት ላይ ተደርድሮለት፣ በእውነት አገራችንን እያሳወቀን ነውን? ወይስ አውቀናታል እያልን እንድናልፋት እያደረገን ነው? ልንነጋገርበት የተነሣነው ነገር ይህ ነው።

ነገሩን በደፈናው ብቻ እንዳንናገር ምሳሌ እንውሰድ፤ ምሳሌያችንም የባሌ ተራሮች ይሁኑ። ባለፈው የዕረፍት ጊዜ 30 ያህል ሆነን ከአዲስ አበባ ተነሥተን፣ ከ400 ኪሎ ሜትር የሚበልጠውን መንገድ ጨርሰን ሮቤ ከተማ አደርን። በማግሥቱ የምንጎበኘው ሁሉ በግማሽ ገጽ ወረቀት ተባዝቶ ታድሎን ነበር። ወረቀቱ እንዲህ ይላል፤ ዲንሾና የዌብ ሸለቆ፣ የሳነቲ አምባ፣ የገርባ ጉራቻ ሐይቅ፣ የሐረና ጫካ፣ የሶፍ ዑመር ዋሻ፤ ከዚያም ራት። ካርታ ለዘረጋ ሰው ዲንሾ ከሮቤ በስተ ምዕራብ ነው፤ ሳነቲና ሐረና በስተ ደቡብ ናቸው፤ ሶፍ ዑመር ደግሞ በስተ ምሥራቅ 100 ኪሎ ሜትር ያህል ተኪዶ በቈላው ይገኛል። ሦስት አቅጣጫ በአንድ ፀሐይ! «የቸኮለች አፍሳ ለቀመች» የሚለው ተረት ለባልትና ብቻ የተነገረ አይደለም።

ከዚያ በኋላ የሆነውን አንባቢ ሳይነገረው ይገምታል። ዲንሾ ላይ የደጋ አጋዘኑን ከጽድና ከኮሶ ጥላ ሥር አገኘነውና በ20 ደቂቃ «ጨረስነው»። ይህ እንስሳ ከኢትዮጵያ በቀር በየትም አገር የሌለ ነው፤ ከትልልቆቹ የአፍሪካ አራዊት መካከል ዘግይተው በሳይንስ መዝገብ ከገቡትም አንዱ ነው፤ ስሙ የተመዘገበው እ.ኤ.አ. በ1910 ነበር። አስጎብኚያችን ይህን ነግሮን ሳይጨርስ የሾፌሩ ጡሩምባ ጠራን። ከጎባ ወደ ላይ ስንወጣ ጽዱና ኮሶው ለአሜጃ፣ አሜጃው ለአስታ ቦታውን እየለቀቀ ይሄዳል፤ በመጨረሻ ዛፍ የሚባል ነገር ያልቅና 4,000 ሜትር ያህል ከፍታ ላይ ገላጣው የሳነቲ አምባ ይከፈታል። የእኛ ገበሬ ቈላ፣ ወይና ደጋ፣ ደጋ ብሎ ሲያበቃ ከዚያ በላይ ያለውን «ውርጭ» ይለዋል፤ ሊቃውንቱ በአውሮፓ ተራሮች ስም አልፓይን ይሉታል። ጅብራው እዚህም እዚያም እንደ ዘብ ቆሟል፤ ለብዙ ዓመታት ያድግና በዕድሜው አንድ ጊዜ ብቻ አብቦ ይሞታል። ከበላዩ 4,377 ሜትር ከፍታ ያለው ቱሉ ዲምቱ ተቀምጧል። ይህ ሁሉ በመስኮት አለፈ። ከመካከላችን ግማሹ በስልኩ ፎቶግራፍ ያነሣ ነበር፤ ግማሹ ደግሞ በከፍታው ምክንያት ራሱን ይዞ ዐይኑን ጨፍኗል።

ገርባ ጉራቻስ? ስሙ በኦሮምኛ «ጥቁር ባሕር» ማለት ነው። ነገር ግን በመኪና መንገድ ዳር ተቀምጦ ጎብኚ የሚጠብቅ ሐይቅ አይደለም፤ በእግር የሚኬድለት ነው። ወረቀቱ ላይ ተጽፎ ስለ ነበረ፣ በአምባው ላይ ካሉት ትንንሽ ኩሬዎች አንዱ በመንገዱ ዳር ብቅ ሲል ብዙዎቹ «ያውና!» ብለው ፎቶግራፍ አነሡት። አስጎብኚው በትሕትና «ይህ አይደለም» ቢልም የሰማው ጥቂት ነው። እነሆ ዛሬ በየመኝታ ቤቱ «ገርባ ጉራቻ» እየተባለ የሚታየው ሥዕል የአንድ ስም የለሽ ኩሬ ሥዕል ነው። ነገሩ ቀልድ ይመስላል። ለእኛ ግን የእንዲህ ያለው ጉዞ ሁሉ ማጠቃለያ ሆኖ ታይቶናል፤ ስሙን ከአንዱ፣ መልኩን ከሌላው ወስዶ መመለስ።

በእርጋታ ተኪዶ ቢሆን ኖሮ ስፍራው ምን ይነግረን ነበር? የገርባ ጉራቻን ጐድጓዳ የፈለፈለው የበረዶ ግግር ነው። ይህ ተራራ በጥንቱ የብርድ ዘመን ግግር ተሸክሞ ይኖር ነበር፤ ግግሩ ቀልጦ ሲያልቅ ሐይቁ ቀረ። ተመራማሪዎች ከሐይቁ ወለል ቈፍረው ባወጡት ደለል ውስጥ ከ15,000 ዓመት በላይ የሚሆን የአየር ጠባይ፣ የእሳትና የዕፀዋት ታሪክ እንደ መጽሐፍ ገጽ ተደራርቦ ተገኝቷል። ከዚህ ይልቅ የሚያስደንቅም አለ። በዌብ ሸለቆ ፊንጫ ሃበራ በተባለው ስፍራ፣ 3,469 ሜትር ከፍታ ላይ በሚገኝ የዐለት ጥላ ሥር፣ ከ47,000 እስከ 31,000 ዓመት በፊት ባለው ዘመን ሰዎች ይኖሩ እንደ ነበር እ.ኤ.አ. በ2019 የወጣ ጥናት አስረድቷል። ከበላያቸው ካለው ከፍታ ባልጩት እያመጡ መሣሪያ ይቀርጹ ነበር፤ ምግባቸውም በብዛት በባሌ ብቻ የሚገኘው ትልቁ ፍልፈል ጥብስ ነበር። በምግብ አዳራሽ «ሽሮው ቀጠነ» እያልን ለምናጉረመርም ለእኛ ይህ ደኅና ማስታወሻ ነው።

እንግዲህ ልብ እንበል። ግግሩ ገና በተራራው ላይ ሳለ ሰው ከሥሩ እሳት አንድዶ ይሞቅ ነበር። «ሰው ያልነካው ድንግል ምድር» እየተባለ በማስታወቂያ የሚነገረው ነገር ለባሌ አይሠራም። ከዚህ እውነት የሚነሣው ጥያቄም እንደ ታሪኩ የራቀ አይደለም፤ በዚያው ቀን በዐይናችን ፊት ቆሞ ነበር።

በአምባው ላይ ከብት ተሰማርቶ አየን። ከጓደኞቻችን አንዱ በቅን ልቦና፣ «ጋሼ፣ ይህ ብሔራዊ ፓርክ ከሆነ እነዚህ ከብቶች ለምን አይባረሩም?» ሲል ጠየቀ። አስጎብኚያችን፣ እርሱም በልጅነቱ በዚያው ከብት የጠበቀ ሰው ነው፣ ፈገግ ብሎ፣ «ልጄ፣ መጀመሪያ የማን እንደ ሆኑ ጠይቅ» አለው። ሊቀጥል ሲል ጡሩምባው ጮኸ። ያ ያልተጨረሰ መልስ ከሐይቁም ከተራራውም ይልቅ ሊሰማ የሚገባው ነበር። የባሌ አርብቶ አደር እንደ ወቅቱ ከብቱን ከስፍራ ወደ ስፍራ የሚያዘዋውርበት «ጎዳንቱ» የተባለ የቈየ ሥርዐት አለው። በሌላ ወገን ደግሞ የሰውና የከብቱ ቍጥር በጨመረ መጠን ግጦሹ እየተራቈተ፣ የአስታው ደን እየተቃጠለ መሄዱ ሐሰት አይደለም። ሁለቱም እውነት ነው። ሁለት እውነት የተጋጠሙበትን ነገር በአውቶቡስ መስኮት «ይባረሩ» ወይም «ይተዉ» ብሎ መፍረድ ቀላል ነው፤ ቀላል መሆኑ ግን ትክክለኛ አያደርገውም።

የቀይ ቀበሮን ነገር እንመልከት። በዓለም የቀረው ቍጥር 500 ገደማ ነው፤ ከዚያም ከግማሽ የሚበልጠው በባሌ ይኖራል። ይህን እንስሳ አንድ ጊዜ በብዛት የሚፈጀው የአዳኝ ጠመንጃ ሳይሆን የእብድ ውሻ በሽታ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ2003 በዌብ ሸለቆ የተነሣው ወረርሽኝ ብዙ መንጋ አጠፋ። በሽታውን ወደ ቀበሮው የሚያደርሰው የእረኛው ውሻ ነው፤ እረኛው ውሻ የሚያኖረው ደግሞ ከብቱን ከጅብ ለመጠበቅ ነው። መድኃኒቱም ውሾቹን መከተብ ሆኖ ተገኘ፤ ከእ.ኤ.አ. 1990ዎቹ ጀምሮ በዚያው በአካባቢው ሲሠራበት ቈይቷል። ውሻውን ይዞ የሚያስከትበው ግን ያው «ይባረር» የተባለው እረኛ ነው። ቀበሮው የሚድነው በእረኛው እጅ ከሆነ፣ እረኛውን የሚያስከፋ ጥበቃ ቀበሮውን ምን ያህል እንደሚጠቅም አንባቢ ይፍረድ።

ነገርን ከሥሩ፣ ውኃን ከጥሩ ይባላል። የባሌ ነገር በእርግጥም የውኃ ነገር ነው። ዌብ ከዚህ ከፍታ ተነሥቶ ገደሉን እየቦረቦረ ወደ ምሥራቅ ይወርዳል፤ ሶፍ ዑመር ላይ ዐለቱን ሰንጥቆ በዋሻ ውስጥ አልፎ ይወጣል። ገናሌም ከዚሁ ተራራ ውኃ ይቀበላል፤ ወደ ታች ወርደው በዶሎ አካባቢ ከዳዋ ጋር ሲገናኙ ወንዙ ጁባ ተብሎ ወደ ሶማሊያ ይገባል። ወደ ዋቤ ሸበሌም የሚወርድ አለ። ከዚህ ተራራ በሚወርደው ውኃ ኑሮው የተመሠረተ ሕዝብ በኢትዮጵያና በጎረቤት አገሮች 12 ሚሊዮን ያህል እንደ ሆነ ይገመታል። ፓርኩ በ2016 ዓ.ም. መስከረም ወር በዓለም ቅርስነት ሲመዘገብ ደስ ብሎን በየስልካችን ተቀባብለነዋል። ነገር ግን ደስታችን የማን ውኃ፣ የማን ሣር፣ የማን ቤት እንደ ሆነ ከማወቅ ጋር ካልተያያዘ ከፎቶግራፉ የተለየ ዋጋ የለውም።

«እናንተ ደግሞ! ተማሪው ዓመቱን ሙሉ በትምህርት ደክሞ አንድ ቀን ቢዝናና፣ ተራራውንም ሌክቸር ታደርጉበታላችሁ?» የሚሉን እንዳሉ እናውቃለን። አባባላቸው ዋዛ አይደለም። መዝናናት ነውር የለበትም፤ በአውቶቡስ ውስጥ የተዘፈነው ዘፈንም የጉዞው አንድ በረከት ነበር። እኛ የምንለው ግን 12 ሰዓት በመኪና ተንገላትቶ፣ ራስ ታምሞ፣ አምስት ስፍራ በጡሩምባ ተጠርቶ መመለስ መዝናናት እንኳ አይደለም ነው። ይልቁንም የእኛ ነገር ከሌላው ጎብኚ ይለያል። የውጭ አገር ጎብኚ አይቶ ወደ አገሩ ይመለሳል። ከእኛ መካከል ግን ነገ ሕግ የሚያረቅ፣ በጀት የሚመድብ፣ መንገድ የሚቀይስ፣ «ይህ መንደር ከዚህ ይነሣ» የሚል ደብዳቤ የሚፈርም ይገኛል። ያን ጊዜ ማስረጃው ምን ይሆናል? ባሌን አውቃታለሁ፣ ሄጄባታለሁ ይላል። ሄዶባታልም፤ 20 ደቂቃ!

ስለዚህ ለማኅበራችን የጉዞ ኮሚቴ አራት ነገር እናሳስባለን። አንደኛ፣ በአንድ ቀን አንድ ስፍራ ብቻ ይመረጥ፤ መኪናው ይቁምና እግር ይሥራ። ገርባ ጉራቻ ወይም ፊንጫ ሃበራ፣ ከሁለት አንዱ ለአንድ ቀን ይበቃል። ሁለተኛ፣ ከጉዞው በፊት አንድ ማታ ተሰብስበን ስለ ስፍራው እንነጋገር። በየመኝታ ቤታችን ከባሌ የመጡ ጓደኞች አሉን፤ ከመሄዳችን በፊት ማን ጠየቃቸው? ሦስተኛ፣ አስጎብኚው የመንገድ መሪ ብቻ ሳይሆን መምህር መሆኑ ይታወቅለት፤ ክፍያው እንደ ድካሙ ይሁን፤ ዐረፍተ ነገሩንም እንዲጨርስ ጊዜ ይሰጠው። ኦሮምኛ የሚያውቅ ተማሪ ከመንደሩ ሽማግሌዎች ጋር እያስተረጐመ ያነጋግረን። አራተኛ፣ ስንመለስ ያየነውንና የሰማነውን በዚህ መጽሔት ላይ እንጻፍ፤ የሚቀጥለው ተጓዥ ከዜሮ እንዳይጀምር።

ይህ ሁሉ ተጨማሪ ገንዘብ አይጠይቅም፤ እንዲያውም ቤንዚን ይቈጥባል። የሚጠይቀው ትዕግሥት ብቻ ነው። «አገርህን እወቅ» የሚለው ጨርቅ በሚቀጥለው ዓመትም በአውቶቡሳችን ጎን ይሰቀል፤ ጨርቁን የሰቀለ ኮሚቴ ግን ለማወቅ የሚበቃውን ጊዜ አብሮ ይስጠን።